ኮንሶ ደርሼ መጣሁ

ዘንድሮ ለእረፍት ስገባ እናቴን "ኮንሶ ልሄድ ነው" ስላት "እዚያ ደግሞ ማን አለህ?" አለችኝ። ማንም የለኝም። የሰው አገር ሙዚየም ስዞር ኖሬ የራሴን አለማየቴ ከንክኖኝ ነው።

መጀመሪያ የመኪናውን ነገር ልተንፍስ። አርባ ምንጭ ላይ ያከራየኝ ሰው በስልክ የነገረኝ ሌላ፣ ስደርስ የጠየቀኝ ሌላ። "ያኛው ነዳጅ አይጨምርም" አለኝ፣ ዓይኑን በጨው አጥቦ። ነዳጁንም የሹፌሩን አበልም ቀድማችሁ በጽሑፍ ተስማሙ፤ ቴሌግራም ላይም ቢሆን ይበቃል። ሹፌሩ ግን ጨዋ ልጅ ነው፣ እሱን አላማም።

የኮንሶ ሙዚየም ያለው የአካባቢው ዋና ከተማ ካራት ላይ ነው። ትንሽ ናት፤ የቸኮለ ሰው በሩብ ሰዓት ጨርሶ ይወጣል። እኔ ዋካዎቹ ፊት ቆሜ ቀረሁ። ዋካ ጀግና ሲሞት ለመታሰቢያው ከእንጨት ተጠርቦ የሚቆም ምስል ነው። ብቻውን አይቆምም። ሚስቶቹ ግራና ቀኝ ይሆናሉ፤ የገደለው ጠላትና የገደለው አውሬም አብረው ይተከላሉ። አንዱን ጠጋ ብዬ አየሁት። ስንጥቁ ከግንባሩ ተነስቶ በአፍንጫው ጎን ይወርዳል። ፀሐይና ዝናብ የተፈራረቁበት እንጨት ነው። ጥርሶቹ ግን እስካሁን ነጭ ናቸው።

እዚህ ካሉት ውስጥ ከሌባ የተረፉ አሉ። ዋካ ከቆመበት እየተነቀለ ለሰብሳቢ ሲሸጥ ኖሯል፤ የተያዘው ወደ ሙዚየም ገባ። ሌባ ደግሞ ለቤተሰብ አይጨነቅም፣ ባልን ከሚስት ነጥሎ ይሸጣል። ይሄን ካሰብኩ በኋላ ፎቶ ማንሳቱ አስጠላኝ።

አስጎብኚ ከአዲስ አበባ ይዛችሁ አትሂዱ፤ የአካባቢውን ልጅ ያዙ። የኔው ከሙዚየሙ ቀጥሎ ጋሞሌ መንደር ወሰደኝ። ያለዚያ ጉብኝቱ ግማሽ ነበር። በድንጋይ ካብ መሐል በጠባብ መንገድ ስንሄድ ቆይተን ረጃጅም እንጨቶች የቆሙበት አደባባይ ወጣን። በየ18 ዓመቱ ትውልድ ሲተካ አንድ ይተከላል። ልጁ በጣቱ እየቆጠረ በ18 ያባዛልኛል። ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2011 የመዘገበው ይሄንኑ መንደርና እርከን ነው፤ ባህሉ 21 ትውልድ ዘልቋል ይላል። ወረቀት ላይ ሳነበው ቁጥር ነበር። እዚያ ቆሜ ግን አንገቴን ቀና አድርጌ ነው የቆጠርኩት።

አደባባዩ ላይ አንድ ክብ ድንጋይ አለ። ከራሱ በላይ አንስቶ ወደ ኋላ የጣለ ጎረምሳ ለትዳር ደርሷል ይባላል። ሞከርኩ። ከጉልበቴ አላለፈም።

"ጋሼ፣ አግብተዋል?" አለኝ አስጎብኚዬ።

"ሁለት ልጆች አሉኝ።"

ድንጋዩን አየ፣ እኔን አየ። "እንዴት ሰጡዎት ታዲያ?"