የሴራሚክ ማሞቂያና ቴርሞስታት ለጌኮ ሣጥን፦ በጎንደር የ10 ወር አጠቃቀም

ይህ ግምገማ ከጥቅምት እስከ ሐምሌ ያለማቋረጥ የተጠቀምኩበትን 100 ዋት የሴራሚክ ማሞቂያና አብሮት የሚሠራውን ቴርሞስታት (ሙቀቱን በተሞላለት ቁጥር ላይ የሚያቆይ መቆጣጠሪያ) ይመለከታል። ዕቃዎቹን የገዛሁት ለአንዲት ሌፐርድ ጌኮ (የእንሽላሊት ዓይነት) ነው። ጌኮዋን ያገኘኋት ለሥራ ጎንደር የቆዩ አንድ የውጭ አገር ሰው ወደ አገራቸው ሲመለሱ ይዘዋት መሄድ ስላልቻሉ አደራ ብለው ትተውልኝ ነው። ሣጥኗን ፒያሳ አካባቢ የአሉሚኒየምና የመስታወት ሥራ የሚሠራ ባለሙያ በ90 በ45 በ45 ሴንቲ ሜትር ልክ ሠርቶልኛል። ክዳኑ የሽቦ ወንፊት ነው።

ሌፐርድ ጌኮ የአፍጋኒስታን፣ የፓኪስታንና የሰሜን ምዕራብ ሕንድ ደረቅና ድንጋያማ ምድር ፍጥረት ናት። የራሷን ሙቀት ከሰውነቷ ማመንጨት ስለማትችል፣ የበላችውን ለመፍጨት እንኳ ከውጭ የምታገኘው ሙቀት ያስፈልጋታል። ስለዚህ የሣጥኑ አንድ ጫፍ ሞቃት፣ ሌላው ጫፍ ቀዝቀዝ ያለ መሆን አለበት፤ እንደ ፍላጎቷ ከአንዱ ወደ ሌላው እየተዘዋወረች ሙቀቷን ታስተካክላለች። በሞቃቱ በኩል የምትተኛበት ድንጋይ ገጽ ከ34 እስከ 36 ዲግሪ፣ በዚያው በኩል ያለው መደበቂያዋ ከ31 እስከ 33፣ ቀዝቃዛው ጫፍ ደግሞ ከ24 እስከ 26 ዲግሪ ሴልሺየስ ቢሆን ይስማማታል። ሌሊት ወደ 20 ዲግሪ ቢወርድ አይጎዳትም፤ ከዚያ በታች ግን እንዲወርድ አልፈልግም።

ችግሩ የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,100 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ የምትገኝ ከተማ ስለሆነች፣ ቀኑ ምንም ያህል ደስ የሚል ቢሆን ሌሊቱ ይበርዳል። ስለ እንስሳው የሚጻፉት መመሪያዎች ብዙውን ጊዜ ከሌላ አገር ስለሚመጡ፣ ብርዱን ከክረምት፣ ሙቀቱን ከበጋ ጋር አያይዘው ይናገራሉ። የእኛ ክረምት ግን ዝናብና ደመና ነው እንጂ ዋናው የብርድ ወቅት አይደለም። ጌኮን የሚፈትኑት የኅዳር፣ የታኅሣሥና የጥር ሌሊቶች ናቸው፤ ሰማዩ ጥርት ብሎ ምድሩ ሙቀቱን ሁሉ የሚለቅባቸው፣ በቀን ፀሐዩ የሚያቃጥልባቸው የበጋ ሌሊቶች። በታኅሣሥ ከሌሊቱ 11 ሰዓት ላይ ተነሥቼ የክፍሌን ሙቀት በተደጋጋሚ ለክቻለሁ፤ ከ14 ዲግሪ በላይ የሆነበት ቀን አልነበረም።

ከሴራሚኩ በፊት የምጠቀመው ከእንስሳዋ ጋር የተረከብኩትን ቀይ አምፑል ነበር። ጌኮዎች ቀይ ብርሃን አይታያቸውም የሚለው ሐሳብ ብዙ ሰው ቢቀበለውም፣ የሚታመን ሆኖ አላገኘሁትም። ጌኮዎች በጨለማ ውስጥ በጣም አጥርተው የሚያዩ ፍጥረታት ናቸው፤ አንዳንዶቹ በጨረቃ ብርሃን ቀለም እንኳ እንደሚለዩ ተረጋግጧል። የእኔዋ ቀዩ አምፑል በርቶ ባደረባቸው ሌሊቶች ከመደበቂያዋ የምትወጣው እኩለ ሌሊት ካለፈ በኋላ ነበር። አምፑሉን ከቀየርኩ ከጥቂት ቀናት በኋላ ግን ማታ 1 ሰዓት ላይ ራሷን ብቅ ማድረግ ጀመረች። ያስተዋለው እንስሳዋ ብቻም አልነበረችም። የቤቱ ባለቤት አንድ ጠዋት ግቢው ውስጥ አስቁመውኝ፣ «ልጄ፣ ሌሊት በመስኮትህ ቀይ እሳት ይታየኛል፤ ደህና ነህ?» አሉኝ። «ደህና ነኝ እማማ፤ አምፑል ነው፤ ዛሬውኑ እቀይረዋለሁ» አልኳቸው፤ ቀየርኩትም።

የሴራሚክ ማሞቂያው ምንም ብርሃን አይሰጥም፤ ትልቁ ጥቅሙ ይህ ነው። እንደ አምፑል ይጠመዘዛል፣ ሙቀት ብቻ ይለቃል፣ ሌሊቱም ሌሊት ሆኖ ይቀራል። ነገር ግን የራሱ ገጽ ከ200 ዲግሪ በላይ ሊግል ስለሚችል፣ በተለመደው የፕላስቲክ ሆልደር ውስጥ ጨርሶ መግባት የለበትም። የሸክላ ሆልደር፣ ሙቀት የሚችል ሽቦ፣ እንዲሁም እንስሳዋ እንዳትነካው የሚከልል የሽቦ ቅርጫት የግድ ያስፈልጋል። እኔ ከክዳኑ ወንፊት በላይ ስለሰቀልኩት ቅርጫት አላስፈለገኝም። የወንፊቱን ግማሽ በእንጨት ሳንቃ ከሸፈንኩ በኋላ ሣጥኑ በታኅሣሥ ሌሊቶች እንኳ ከ21 ዲግሪ ሳይወርድ አድሯል።

ለቀን ግን አልተደሰትኩበትም። ሴራሚኩ የሚለቀው ረጅም ሞገድ ያለው የኢንፍራሬድ ጨረር (በዓይን የማይታይ የሙቀት ጨረር) ቆዳ ላይ ይቀራል እንጂ እንደ ፀሐይ ወደ ሰውነት ዘልቆ አይገባም። ከቅዳሜ ገበያ ስመለስ መንገድ ዳር ያነሣሁትን ጠፍጣፋ ጥቁር ድንጋይ ከሥሩ አስቀምጬ ስለካ፣ የድንጋዩ ገጽ 31 ዲግሪ ለመድረስ ሁለት ሰዓት ያህል ወሰደ፤ ያን ዕለትም ከዚያ አላለፈም። ብርሃንም ሙቀትም በሚሰጥ በ50 ዋት ሃሎጅን አምፑል ያው ድንጋይ በ40 ደቂቃ ውስጥ 35 ዲግሪ ደረሰ። ልዩነቱ በጌኮዋ ላይ ይታያል፤ ሃሎጅኑ ከጠፋ በኋላ ማታ ትወጣና እግሮቿን ወደ ጎን ዘርግታ፣ አገጯን ድንጋዩ ላይ አሳርፋ፣ ሆዷን በሙሉ ለጥፋ ትተኛበታለች። በሴራሚኩ ብቻ በነበርኩባቸው ሦስት ሳምንታት ውስጥ ሁለት ጊዜ ያልተፈጨ ፌንጣ አስመልሳለች። ሃሎጅኑን ከጨመርኩ ወዲህ ግን አንድም ጊዜ አላየሁም።

ቴርሞስታቱን በተመለከተ፣ ከሁለቱ ዕቃዎች ገንዘቤን ያላስቆጨኝ እርሱ ነው። ኤሌክትሪኩን በአጫጭር ምት እየቆራረጠ የሚሰጥ ዓይነት ስለሆነ፣ ሴራሚኩ በአንዴ ግሎ በአንዴ አይቀዘቅዝም። ሙቀቱ ካዘዝኩት ቁጥር ከአንድ ዲግሪ በላይ ሲርቅ አላየሁም። መብራት ጠፍቶ ሲመጣም የተሞላለትን ቁጥር አይረሳም። ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ ምክንያቱም ለብርሃኑ የገዛሁት ባለ ጥርስ የሰዓት መቆጣጠሪያ መብራት በጠፋ ቁጥር አብሮ ይቆማል። በየካቲት አንድ ሳምንት ውስጥ ሰባት ሰዓት ወደ ኋላ ቀርቶ ስላገኘሁት፣ ጌኮዋ የሌሊቱን ግማሽ ያህል በብርሃን፣ የቀኑን ግማሽ ያህል በጨለማ ስታሳልፍ ከርማለች። በኋላ ባትሪ ባለው ቀየርኩት። ይህ ቴርሞስታት ብርሃን ለሚሰጥ አምፑል ግን አይሆንም፤ ሃሎጅኑን ሳስገባበት ብልጭ ድርግም እያለ ዓይን የሚያውክ ሆነብኝ። ለሃሎጅን የሚያስፈልገው ብርሃኑን ቀስ በቀስ የሚያደበዝዝ ቴርሞስታት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጉድለቱ ልምጣ። የቴርሞስታቱ ሙቀት መለኪያ ሽቦ ከመስታወቱ ጋር የሚጣበቀው በትንሽ የጎማ ክብ ሲሆን፣ ጎማው በሙቀት እየደረቀ ይላቀቃል። በመጋቢት አንድ ማታ ከሥራ ስመለስ ጌኮዋ በቀዝቃዛው ጫፍ ከመስታወቱ ጋር ተለጥፋ፣ አፏን ገርበብ አድርጋ አገኘኋት። ሽቦው ተላቆ የውሃ ሳህኑ ውስጥ ወድቆ ነበር። መሣሪያው የሚያነበው የውሃውን ቅዝቃዜ ስለነበር፣ «ገና አልሞቀም» ብሎ ሴራሚኩን በሙሉ ኃይል ያነደው ነበር። የድንጋዩ ገጽ 43 ዲግሪ ደርሶ ነበር። ክዳኑን ከፍቼ ማሞቂያውን ነቀልኩ፤ በእርጥብ ጨርቅ ቀዝቃዛውን ጫፍ እያራስኩ እስክትረጋጋ አጠገቧ ቆየሁ። ዳነች፤ ነገር ግን ግማሽ ሰዓት ብዘገይ ኖሮ ምን ይሆን እንደነበር እስከ ዛሬ አስባለሁ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሽቦውን በቀጭን ብረት ጠምጥሜ ከከባድ ድንጋይ ጋር አስሬዋለሁ፤ የውሃ ሳህኑንም ወደ ሌላው ጫፍ አርቄዋለሁ። ለመሣሪያው ሠሪ ቅሬታዬን ጽፌ መልስ አላገኘሁም። ይህን ያህል ዋጋ የሚጠየቅበት ዕቃ ሕይወት የሚያድነውን ክፍል በጎማ ማንጠልጠሉ በእውነቱ አሳዝኖኛል።

ያን ዕለት ያነቃኝ ሙቀት መለኪያው ሳይሆን የእንስሳዋ አቀማመጥ መሆኑን ልብ ይበሉ። በመስታወቱ ላይ የተለጠፈው ክብ ቴርሞሜትር የሚያሳየው የመስታወቱን ሙቀት ስለሆነ በዚያ ሰዓት 30 ዲግሪ ይል ነበር። የገጽ ሙቀት ለመለካት የኢንፍራሬድ መለኪያ ያስፈልጋል፤ ለሰው ግንባር የተሠራው ግን ለጠባብ የሙቀት ክልል ስለሆነ አያገለግልም።

መብራት ሲጠፋ የሚረዳው መሣሪያ ሳይሆን ዝግጅት ነው። ሁለት የፕላስቲክ ጠርሙሶች በሙቅ ውሃ ሞልቼ በጨርቅ እጠቀልልና ከመደበቂያዋ ጎን አስቀምጣለሁ። ሣጥኑን በሦስት በኩል በጋቢ እሸፍንና አየር እንዲገባ አንዱን ጎን ክፍት እተዋለሁ። እንዲህ ሳደርግ ለአራት ሰዓት ያህል ከ20 ዲግሪ በላይ ቆይቷል። ከሰል አንድዶ ክፍሉን ማሞቅ ግን ለሰውም ለእንስሳም አደገኛ ነው። ቡና ሲፈላ የሚጨሰው ዕጣን እንኳ እንዳይደርሳት ብዬ ሣጥኑን ከሳሎን ወደ መኝታ ክፍሌ አዛውሬዋለሁ።

ስለ ብርሃን የምለው አጭር ነው። ሣጥኑን ፀሐይ በሚገባበት መስኮት አጠገብ ማስቀመጥ አልትራቫዮሌት ቢ የሚባለውን ጨረር አይሰጣትም፤ መስታወት ያስቀረዋልና። ሙቀቱ ግን ያልፋል፤ የጎንደር የቀትር ፀሐይ ደግሞ ሣጥኑን ምድጃ ያደርገዋል። እኔ ለዚህ እንስሳ የሚመከረውን ዝቅተኛ መጠን የሚሰጥ ቱቦ አምፑል ከወንፊቱ በላይ አድርጌ በቀን ለ12 ሰዓት አበራለሁ። ጨረሩ ካልሲየም ወደ አጥንት እንዲገባ የሚረዳውን ቫይታሚን ዲ3 እንድትሠራ ያግዛታል፤ ቢሆንም ፌንጣዎቹን በካልሲየም ዱቄት ማንከባለሌን አልተውኩም። አምፑሉ እየበራም ጨረሩ ስለሚደክም ዓመት ሲሞላው ይቀየራል፤ የገዛሁበትን ቀን በእስክሪብቶ ጫፉ ላይ ጽፌበታለሁ።

አሁን ሐምሌ ነው፤ ሰማዩ ቀኑን ሙሉ ተደፍኖ ይውላል፣ ክፍሉም ቀንና ሌሊት በ17 እና በ20 ዲግሪ መካከል ነው። ሃሎጅኑ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል እስከ ማታ 12 ሰዓት ተኩል ይበራል፤ ከዚያ በኋላ ሴራሚኩ በቴርሞስታቱ ሥር እስኪነጋ ይሠራል። በመጋቢትና በሚያዝያ ሙቀት 50 ዋቱ ሃሎጅን ድንጋዩን ከ38 ዲግሪ በላይ ስላደረሰው ለእነዚያ ወራት በ35 ዋት ቀይሬው ነበር፤ ሰኔ ሲገባ መለስኩት። ቴርሞስታቱን ለሌላ ሰው ያለማመንታት እመክራለሁ፤ ሴራሚኩን ደግሞ ለሌሊት ብቻ። ቀጥሎ የምገዛው ለሃሎጅኑ የሚሆነውን አደብዛዥ ቴርሞስታት ነው፤ እርሱ እስኪመጣ ድረስ ጠዋት ከቤት ከመውጣቴ በፊት የድንጋዩን ሙቀት በእጄ ባለው መለኪያ ሳልለካ አልሄድም።