አንድ ውጊያና ሠላሳ ዓመት፦ ኖርማኖች በእንግሊዝና በሲሲሊ

ስለ ኖርማኖች፣ ማለትም ስለ ሰሜን ፈረንሳይዋ ኖርማንዲ ሰዎች፣ ሲወራ ሁሌም የሚነሳው እንግሊዝን የወረሩበት 1066 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። እኔን ግን ይበልጥ የሚገርመኝ በደቡብ ጣሊያን ባለችው ደሴት፣ በሲሲሊ፣ ያደረጉት ዘመቻ ነው።

እንግሊዝ ላይ ነገሩ ፈጠን ያለ ነበር። የኖርማንዲው መስፍን ዊልያም ባሕር ተሻገረ፤ የእንግሊዙ ንጉሥ ሃሮልድ ሄስቲንግስ ላይ በተደረገው ውጊያ ወደቀ። በዚያው ዓመት፣ በፈረንጆች ገና ዕለት፣ ዊልያም ዘውድ ጫነ። ሰሜኑ ሲያምፅበት ግን በ1069 መጨረሻና በ1070 መጀመሪያ፣ በአውሮፓ የብርድ ወራት፣ እህሉንም ቤቱንም አቃጠለ። ሕዝቡ በረሃብ አለቀ። የነባሩ መኳንንት ርስትም አብዛኛው ለራሱ ሰዎች ተከፋፈለ።

ሲሲሊ ሌላ ታሪክ ነው። ኖርማኖቹ ሮበርት ጊስካርና ታናሽ ወንድሙ ሮጀር በ1061 የደሴቲቱን ወደብ መሲናን ያዙ። ደሴቲቱን ለመጨረስ ግን እስከ 1091 ፈጀባቸው። ፈረሰኞቻቸው ጥቂት ነበሩ። የጠቀማቸው ደሴቲቱን ይገዙ የነበሩት የሙስሊም አሚሮች እርስ በርስ መናቆር ነው፤ እንዲያውም አንዱ አሚር ራሱ ነው የጠራቸው። ትልቋን ከተማ ፓሌርሞን በ1072 የያዙት በየብስም በባሕርም ከበው ነው። ከተማዋ እጅ የሰጠችው በድርድር ነው፤ ሙስሊሞቹም ሃይማኖታቸውን ይዘው ቀሩ። ሮጀር ኋላ ላይ ሙስሊም ወታደሮችን በሠራዊቱ አሰልፏል። ደግነት እንዳይመስላችሁ፤ ሰው ስላነሰው ነው።

ልጁ ዳግማዊ ሮጀር በ1130 ፓሌርሞ ላይ ነገሠ፤ የሚገርመው እሱም በገና ዕለት ነው። ለእሱ የተሠራው ካባ ጠርዙ ላይ በዐረብኛ ተጽፎበታል። ጸሐፊዎቹ በላቲን፣ በግሪክና በዐረብኛ ይሠሩ ነበር። የጂኦግራፊ ሊቁ አል-ኢድሪሲም የዓለምን ካርታ የሠራው እሱ ቤተ መንግሥት ተቀምጦ ነው።