አጭር ፊልም ለምትሠሩ፦ ባሕር ዳር ያለ የድምፅ ባለሙያ ልጠቁማችሁ

በሃያዎቹ ዕድሜ ስላሉ ወጣቶች አጫጭር ፊልሞችን መሥራት ከጀመርኩ ወዲህ ብዙ ሰው እጁን ዘርግቶልኛል። ዛሬ በአደባባይ የማመሰግነው ግን ድምፅ የሚቀርጽልኝን ልጅ ነው። ስሙ እንዲጻፍ አልወደደም፤ ሥራውን ከመናገር ግን አልከለከለኝም።

አዲሱ ፊልሜ ከዩኒቨርሲቲ ተመርቀው አንዲት ክፍል በጋራ የተከራዩ የሁለት ጓደኛሞች ታሪክ ነው። አንዷ አዲስ አበባ ሥራ ታገኛለች፣ ሌላዋ ትቀራለች። አከራያቸው ከግድግዳው ወዲያ ስላሉ የሚጣሉት በሹክሹክታ ነው። ባጃጅ በማይጠፋበት ሰፈር፣ ፀሐይ ሲበረታ በሚንቋቋ ቆርቆሮ ሥር ሹክሹክታ መቅረጽ ምን ማለት እንደሆነ የሞከረው ያውቀዋል።

እሱ አስቀድሞ መጥቶ ቤቱን አዳመጠ። ቆርቆሮው ሳይሞቅ በማለዳ እንድንቀርጽ ያስወሰነንም እሱ ነው። የቤቱን ባለቤት እናታችንን አስፈቅዶ፣ ድምፁ እንዳይገባብን ፍሪጁን ከነቀለ በኋላ የብስክሌቱን ቁልፍ ፍሪጁ ውስጥ አስቀመጠ። ግራ ገብቶን ብንጠይቀው፣ «መልሼ ሳልሰካው ወደ ቤቴ እንዳልሄድ ነው» አለን። የእናታችን ወተት አልተበላሸም፤ በማግስቱም በሩ በደስታ ተከፈተልን።

ትዕይንቱ ሲያልቅ ደግሞ ሁላችንንም ባለንበት አቁሞ የክፍሉን ዝምታ ይቀርጻል። ንግግር ተቆርጦ ሲቀጠል መሐሉ ላይ ባዶ ጉድጓድ እንዳይሰማ የሚሞላው በዚያው ክፍል ዝምታ ነውና። ተዋንያኑ ሳቃቸውን ለማፈን ያዩትን አበሳ ብታዩ!

የጣናን ዳር ድምፅ የከሰዓት በኋላው ነፋስ ሳይነሣ፣ ገና ጎሕ ሲቀድ ቀረጸው፤ ድንጋዩን የሚመታውን ውኃ ለብቻ፣ የደንገሉን መንሿሿት ለብቻ። ፋይሎቹን ለፊልም በተለመደው የድምፅ ጥራት (በ48 ኪሎኸርዝና በ24 ቢት)፣ በየትዕይንቱ ስም ሰጥቶ፣ በሁለት ሃርድ ዲስክ ገልብጦ አስረከበኝ። ኤዲቲንግ ላይ ያመሸ ሰው ይህ ስንት ራስ ምታት እንደሚያስቀር ይገባዋል።

ፊቱ አይፈታም፣ ይህን ልንገራችሁ። አውሮፕላን ካለፈ ተዋናይዋ እያለቀሰችም ቢሆን ቀረጻውን ያስቆማል። ክፍያው ግን ለጀማሪ የሚቻል ነው፤ በጽሑፍ ከተዋዋልነው አንድ ብር አልጨመረብኝም።

የምትፈልጉት በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ እሱን ጠይቄ አገናኛችኋለሁ። ጥር ከገባ ሰርግ ስለሚበዛበት ቀን ቀደም ብላችሁ ያዙ።