ፈረስ ላላችሁ፣ ልጃችሁን ግልቢያ ማስተማር ለምትፈልጉ፦ ሐረር አጠገብ አንድ የታመነ ቤት አለ

ይህን የምጽፈው ለማመስገንም ለመጠቆምም ነው። ድሬዳዋና ሐረር ውስጥ «ፈረሴን ማን ይጠብቅልኝ?»፣ «ልጄ ግልቢያ መማር ትፈልጋለች፣ የት ልውሰዳት?» ብሎ የሚጠይቅ ሰው ብዙ ነው። እኔም ስጠይቅ ከርሜያለሁ። መልሱን ካገኘሁ በኋላ ለራሴ ብቻ ይዤ መቀመጥ ደግ አልመሰለኝም።

ከሐረር ወጣ ብሎ የእርሻ መሬት ላይ አንድ ቤተሰብ አለ። አባት፣ እናት፣ ሁለት ወንዶች ልጆችና አንዲት ሴት ልጅ ናቸው። የሰው ፈረስ ተቀብለው ያሳድራሉ፣ ግልቢያም ያስተምራሉ። አባወራውን ኦቦ፣ እማወራዋን አዴ እላቸዋለሁ። ሰፈሩ ሁሉ የሚጠራቸው እንደዚያ ነው። ስማቸውና ስልካቸው አደባባይ ላይ እንዲለጠፍ አልፈለጉም፣ እኔም አከብርላቸዋለሁ። የምትፈልጉ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ አገናኛችኋለሁ።

አንዲት ዳማ ባዝራ አለችኝ። ከአባቴ የቀረችኝ ናት። አባቴ በቁላቢ በኩል ደጋ ላይ ተወልዶ ያደገ፣ ፈረስ ሲያይ ፊቱ የሚበራ ሰው ነበር። ሲያርፍ ዘመድ ሁሉ «ሽጫት፣ ከተማ ለከተማ ፈረስ ይዘሽ ምን ልትሆኚ ነው?» አለኝ። አልሆነልኝም። የእሱ እጅ ያሳደጋትን ለማላውቀው ሰው መስጠት ከበደኝ።

ችግሩ እኔ የምኖረው ድሬዳዋ፣ ሳቢያን ሰፈር ነው። ድሬ ከባሕር ወለል 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ሙቀቷን ደግሞ ሁላችንም እናውቀዋለን። ደጋ የለመደች ፈረስ እዚህ ግቢ ውስጥ ማሰር ግፍ ነው። ከሙቀቱም በላይ የሚያሰጋው የአፍሪካ የፈረስ በሽታ የሚባለው ነው። የሚያስተላልፉት በዓይን የማይሞሉ ጥቃቅን ተናካሽ ዝንቦች ሲሆኑ ሞቃትና እርጥብ ቦታ ይወዳሉ። ዝናብ ካቆመ በኋላ ይባስ ይበዛሉ። ፈረስ ከያዘው በቀናት ውስጥ ሊገድለው ይችላል። ደንገጎን ወጥቶ፣ ሐረማያንና አወዳይን አልፎ ሐረር ሲደረስ ከፍታው ወደ 1,900 ሜትር ይጠጋል፣ አየሩም ሌላ ነው። በሽታው ደጋ ላይ ጨርሶ የለም ማለት አይደለም። ግን ነፋሱ ያግዛል፣ ማታም ይቀዘቅዛል።

መጀመሪያ ሌላ ቦታ አስቀምጫት ነበር። የማን እንደሆነ አልናገርም። ገንዘቡን በሰዓቱ ይቀበላሉ፣ ስልክ ስደውል «ደህና ናት፣ ምንም አትሁኚ» ይሉኛል። አንድ ቀን ሳልነግራቸው ሄጄ ሳያት ጀርባዋ ላይ ገጣባ ወጥቷል። ዝንብ ወሮታል። ሳያስፈቅዱኝ ሲያከራዩዋት ነበር። የምትበላው ደረቅ የማሽላ አገዳ ብቻ ነው፣ የውሃ ገንዳዋም ባዶ ነበር። እዚያው ቆሜ አለቀስኩ። በሳምንቱ አወጣኋት።

ኦቦ ጋ ስደርስ ስለ ገንዘብ አንድም ቃል አላነሱም። ከመኪናው ስትወርድ ዝም ብለው አዩዋት። ከዚያ በትከሻዋ በኩል ቀስ ብለው ተጠጉ። ከንፈሯን ገልጠው ድዷን በአውራ ጣት ጫን አድርገው ለቀቁት። ነጣ ብሎ የቀረውን ቦታ እያዩ ቀለሙ እስኪመለስ ጠበቁ። የአንገቷን ቆዳ ቆንጠጥ አድርገው ሳቡና ለቀቁ። ቆዳው ወዲያው አልተመለሰም፣ እንደተቆነጠጠ ቆየ። «ይቺ ልጅ ተጠምታለች» አሉ። ለእኔ ሳይሆን ለአዴ ነበር የተናገሩት። አዴ ባልዲ ይዘው ሲመጡ ጊዜም አልወሰደባቸውም።

ቀጥለው አራቱንም ሰኮና አንስተው አዩ። ከሰኮናው ሥር መሃል ላይ ያለችውን ለስላሳ ሦስት ማዕዘን በጣታቸው ነክተው አሸተቱ። ቤቱ ንጹሕ ካልሆነ እዚያች ቦታ ላይ ነው ብስባሽ የሚጀምረው። ሁሉን ጨርሰው «ልጄ፣ ጀርባዋ እስኪድን ኮርቻ አይነካትም። አንቺም ብትሆኚ አትቀመጪባትም። በዚህ ካልተስማማሽ ከአሁኑ ንገሪኝ» አሉኝ። አቦ፣ ይህን ስሰማ ነው ልቤ ያረፈው። ገንዘብ ይዞ የመጣን ሰው እንዲህ ብሎ የሚጀምር ስንት አለ?

ስለ ውሃው ትንሽ ልበል፣ የአካባቢው ሰው ይረዳኛል። ሐረር ለብዙ ዓመታት የጠጣችው የሐረማያ ሐይቅን ውሃ ነበር። ሐይቁ ሲደርቅ ከተማው ምን ያህል እንደተቸገረ ያየ ያውቃል። ዛሬም ጄሪካን ተሸክሞ መሄድ ብርቅ አይደለም። አንድ ትልቅ ፈረስ ደግሞ በቀን ከ25 እስከ 40 ሊትር ይጠጣል፣ ሲሞቅ ከዚያም በላይ። ስለዚህ እዚህ አገር ፈረስ ጠባቂ የሚፈተነው በውሃ ነው። እነ ኦቦ ከጣራ የሚወርደውን የዝናብ ውሃ በጉድጓድ ያጠራቅማሉ፣ ሲጎድል በቦቴ ያስመጣሉ። ገንዳው ባዶ ሆኖ አይቼ አላውቅም። ሲቆሽሽ ደፍተው ያጥቡታል እንጂ ላዩ ላይ አይጨምሩበትም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ይህን ጽሑፍ ያስጻፈኝ እሱ ነው።

የቤቱ ሴት ልጅ አንድ ደብተር አላት። ለእያንዳንዱ ፈረስ ገጽ አለው። ምን ያህል በላ፣ ጠጣ ወይ፣ ስንት ጊዜ ፋንድያ ጣለ፣ ሁሉም ይጻፋል። አንድ ማታ የዳማን ጋጣ ስታጸዳ ፋንድያው ከወትሮው ማነሱን አየች። ድርቆሹም ሳይነካ ተቀምጧል። ሌላ ሰው ቢሆን ጠዋት ይታያል ብሎ ይተኛል። እሷ ግን አባቷን ጠራች። ባዝራዋ ዞር እያለች ጎኗን ታያለች፣ በፊት እግሯ መሬቱን ትቆፍራለች፣ ልትተኛ ትልና ትነሳለች። ቁርጠት ነው።

ፈረስ ማስመለስ እንደማይችል ብዙ ሰው አያውቅም። ሆዱ ውስጥ የገባው በአፉ ተመልሶ የሚወጣበት መንገድ የለውም። ስለዚህ ለሌላ እንስሳ ቀላል የሚመስል የሆድ ሕመም ፈረስን በአንድ ሌሊት ሊገድል ይችላል።

አዴ ጆሮዋን የባዝራዋ ጎን ላይ ለጥፋ አዳመጠች። (አዴን አንቺ የምላት እሷው ስላዘዘችኝ ነው።) የጤነኛ ፈረስ ሆድ ሁልጊዜ ይንጎራጎራል። በግራም በቀኝም አዳምጣ ራሷን ነቀነቀች። ምንም ድምፅ የለም። መኖውን በሙሉ አነሱ። ልጆቹ ተራ በተራ ቀስ እያደረጉ አንሸራሸሯት። ኦቦ ወዲያው ሐኪም ጠሩ፣ ቀጥለው ለእኔ ደወሉ። «አልዋሽሽም፣ አሟታል። ሐኪሙ መንገድ ላይ ነው» አሉኝ። በዚያ ሰዓት ከድሬ መውጣት አልቻልኩም። ሌሊቱን ሙሉ ግን ሳልጠይቅ እየደወሉ ነገሩኝ። ሐኪሙ ደረሰ፣ የሕመም ማስታገሻ ወጋት፣ በአፍንጫዋ ቱቦ አስገብቶ የፓራፊን ዘይት ወደ ሆዷ አወረደ፣ አሁን እየተኛች ነው፣ አሁን ቆማለች። ሊነጋጋ ሲል የመጨረሻው ስልክ መጣ። ፋንድያ ጥላለች። ከኋላ አዴ «አልሐምዱሊላህ!» ስትል ይሰማኛል። እኔም በበኩሌ ገብርኤልን አመሰገንኩ።

ጠዋት ስደርስ አምስቱም ዓይናቸው ቀልቷል። የሐኪሙን ሒሳብ ከኪሳቸው ከፍለው ደረሰኙን አስቀምጠውልኛል። አንድ ብር አልጨመሩበትም። ሌሊቱን ስለነቁበት ልሰጣቸው ያሰብኩትን ኦቦ አልቀበልም አሉ። «እሷ እዚህ እስካለች የእኛም ናት» ብለው ነገሩን ዘጉት። ኦቦ፣ አዴ፣ ልጆች፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ውለታችሁን በምን እንደምመልስ አላውቅም።

ልጄም እዚያው ነው ግልቢያ የተማረችው። ዘመናዊ የግልቢያ ክበብ አይምሰላችሁ። መጀመሪያ ላይ ፈረስ ላይ አያወጧትም ነበር። ትቦርሻለች፣ ጋማ ታበጥራለች፣ ሰኮና ታጸዳለች። ልጄ ተነጫነጨች። አስተማሪዋ ታላቁ ወንድ ልጅ ግን አልተበገረም። ፈረስ ልክ ከኋላውና ከአፍንጫው ፊት ለፊት ያለውን እንደማያይ፣ በጎን በኩል እያናገሩ መጠጋት እንደሚገባ አሳያት። ጆሮው ወደ ኋላ ሲለጠፍ ምን ማለቱ እንደሆነ አስተማራት። ከዚያ በኋላ ነው ኮርቻው የመጣው። እርካብ ውስጥ የሚገባው የእግር ፊተኛው ክፍል ብቻ ነው፣ ተረከዝ ወደ ታች። ይህችን ነገር እስክትሰለች ድረስ ደጋገመላት፣ ምክንያቱም የወደቀ ሰው እግሩ እርካብ ውስጥ ከቀረ ፈረሱ ይጎትተዋል። ዛሬ ልጄ ፈረስ ስትመራ ሳያት አባቴ ቢኖር እላለሁ።

አንድ የምወድላቸው ነገር ደግሞ እምቢ ማለት መቻላቸው ነው። የአገራችን ፈረስ ትንሽ ነው። ጀርባው የሚችለው የክብደቱን አንድ አምስተኛ ገደማ ነው፣ ኮርቻው ተጨምሮ። አንድ ደልደል ያለ ወጣት ለሠርግ ፎቶ ፈረስ ሊከራይ መጥቶ ነበር። በቀን ፀሐይ፣ ከነሙሉ ልብሱ። ኦቦ በትሕትና «ወንድሜ፣ አጠገቡ ቆመህ ልጓሙን ይዘህ ተነሳ፣ ያምርብሃል። መቀመጡ ግን ይቅር» አሉት። ልጁም ተስማማ፣ ፎቶውም አማረ።

ስለ መሬቱ ሳልናገር ባልፍ ቅር ይለኛል። በዚያ አካባቢ ዙሪያው ሁሉ ጫት ነው። ጫት ጥሩ ገንዘብ ያመጣል፣ ጎረቤትን አልወቅስም፣ ልጅ የሚያስተምረው በእሱ ነው። እነ ኦቦ ግን ከአባቶቻቸው የወረሱትን የግጦሽ ቦታ እንዳለ ጠብቀው ይዘዋል። «ይህንን ሣር ነቅላችሁ ጫት ብትተክሉ» የሚላቸው አይጠፋም። ለቤት መሥሪያ የሚፈልገውም ይመላለሳል። አልሰጡም። እርከኑን በየዓመቱ ይጠግናሉ፣ ጠርዙ ላይ የዝሆን ሣር ተክለዋል፣ ገብስም ይዘራሉ። ፍሩሽካውን ብቻ ነው ከገበያ የሚገዙት። የማሽላ አገዳም ይሰጣሉ፣ በልኩና ከድርቆሽ ጋር። ለምለሙን፣ በተለይ ከድርቅ በኋላ የሚያቆጠቁጠውን ግን ፈረስ አያስነኩም፣ መርዝ ይይዛል። የተሰበሰበው ፍግ ለጎረቤት ድንችና ሽንኩርት በነፃ ይሄዳል። በዚህም ከሰፈሩ ሁሉ ጋር ተዋደዋል።

ፀሐይ ሳትጠልቅ ፈረሶቹ በሙሉ ጋጣ ይገባሉ፣ ደጃፉ ላይ ጭስ ይጨሳል። ያቺ የፈረስ በሽታ የምታስተላልፈው ትንሿ ዝንብ የምትናከሰው በአብዛኛው ከምሽት እስከ ንጋት ስለሆነ ነው። ክትባቱንም በጊዜው ያስወጋሉ፣ አገር ውስጥ ቢሾፍቱ ላይ የሚመረተውን። ቀኑ ደብተሩ ላይ አለ፣ ጠይቁ ያሳዩአችኋል።

ለመሄድ ለምታስቡ ማወቅ ያለባችሁ ነገር አለ። ርካሽ አይደሉም። ክፍያው በወር ነው፣ በቴሌብርም ይቀበላሉ። መኖ ሲወደድ ይጨምራሉ፣ ግን የገዙበትን ደረሰኝ አሳይተው ነው። ክረምት ላይ የመጨረሻው መንገድ ጭቃ ስለሚሆን ባጃጅ አይገባም፣ በእግር ትንሽ መሄድ አለ። ዓርብ ከሰዓት ትምህርት የለም። ለግልቢያ ረጅም ሱሪና ተረከዝ ያለው ጫማ ልበሱ፣ ሸበጥ አድርጋችሁ ብትሄዱ ይመልሷችኋል። የራስ ቁር እነሱ ጋ አለ፣ ለትንንሽ ልጆች የሚሆነው ግን ጥቂት ስለሆነ የሞተር ሳይክልም ቢሆን ካላችሁ ይዛችሁ ሂዱ። ሳትደውሉ አትሂዱ። ፈረስ የምታስገቡ ከሆነ መጀመሪያ መጥተው ያዩታል፣ ከታመመ ለብቻው አቆይተው ነው ከሌሎቹ የሚቀላቅሉት።

አሁን ባዶ የሆነ ጋጣ ሁለት አለ። ከሞላ ኦቦ ሌላ አይጨምሩም፣ ስለዚህ የምትፈልጉ ቶሎ ጻፉልኝ።