ሦስት ቅዳሜ ከበጀት ጉድለት ጋር

ሐዋሳ ውስጥ የአንድ የግንባታ ዕቃ መደብር ሒሳብ እይዛለሁ። አለቃዬ ዜና በሰማ ቁጥር «ዕዳው በዛ፣ በጀቱ እጥፍ ሆነ፣ ሲሚንቶ ሊወደድ ነው» እያለ ሲያስጨንቀኝ ነገሩን ራሴው ልየው ብዬ በጀትና የመንግሥት ዕዳን የሚያስተምር የሦስት ቅዳሜ ስልጠና ተመዘገብኩ። 1,800 ብር። የማሰልጠኛውን ስም አልጠራም፣ የማማርርበት ስላለኝ።

እሱን ላስቀድመው። የሰጡን ጽሑፍ የፎቶ ኮፒ ፎቶ ኮፒ ነው፣ ግራፉ ላይ መስመሩና ጥላው አይለዩም። የባሰው ደግሞ ሠንጠረዡ ነው። አንዱ ዓምድ በእኛ ዓመት፣ ሌላው በፈረንጅ። 2017 የሚለው የእኛ ነው የእነሱ? ሳናውቀው የሰባት ዓመት ልዩነት ያለው ዕዳ እያነጻጸርን ግማሽ ሰዓት ተጨቃጨቅን። ለዚህ ነው 1,800 ብር የከፈልኩት አልኩ በልቤ።

መምህሩ ግን ጎበዝ ነው። የመጀመሪያው ቀን በእኛ ዓመት የ2017ን በጀት ሰሌዳ ላይ ጻፈ፦ 971.2 ቢሊዮን ብር። ጉድለቱ 358.5 ቢሊዮን። «ይሄ ብዙ ነው ትንሽ?» አለን። ከኢኮኖሚው አንጻር 2.1 በመቶ ነው፣ ምንም አይመስልም። ከራሱ ከበጀቱ አንጻር ካሰላችሁት ግን 37 በመቶ ገደማ ይመጣል። ከሚወጣው መቶ ብር 37ቱ በብድር ይሞላል ማለት ነው። ቁጥሩ ያው ነው፣ ዜናው ግን የፈለገውን መርጦ ያወራል።

የአለቃዬ «እጥፍ»ም እዚያው ተፈታ። የ2018 በጀት 1.93 ትሪሊዮን ነው፣ ከ971 ቢሊዮን አጠገብ ስታስቀምጡት በእርግጥ እጥፍ ይሆናል። ነገር ግን በ2017 መሃል ላይ ወደ 582 ቢሊዮን ብር ተጨማሪ በጀት ጸድቋል። ሲደመር 1.55 ትሪሊዮን። ጭማሪው 24 በመቶ አካባቢ ነው። እኔ ስንት ዓመት ሒሳብ ስሠራ ይሄን አለማየቴ አሳፈረኝ።

ሁለተኛው ቅዳሜ ገና ከመጀመራችን መብራት ጠፋ። ጄኔሬተር የላቸውም። መምህሩ ላፕቶፑን ዘጋና ማርከር አነሳ። ከሦስቱ ቀን የወደድኩት ይሄኛውን ነው።

«ሱቅ አላችሁ እንበል» አለ። የዓመት ሽያጭ 1 ሚሊዮን፣ ዕዳ 300,000። ዕዳው ከሽያጩ 30 በመቶ ነው። ወለዱ 10 በመቶ ነው፣ አዲስ ብድር የለም፣ ግን ወለዱንም አልከፈላችሁም። በዓመቱ ዕዳው 330,000 ሆነ። ሽያጩ በ20 በመቶ ካደገ 27.5 በመቶ ይሆናል። ዕዳው ጨምሮ ሸክሙ ቀለለ። ሽያጩ 5 በመቶ ብቻ ካደገስ? 31.4 በመቶ። የአገር ዕዳ ትንበያም አጥንቱ ይሄው ነው፦ ወለዱ፣ ዕድገቱ፣ ወለድ ሳይታሰብ የሚቀረው ጉድለት። ከሦስቱ አንዱን ስትነኩት አምስት ዓመት ወዲያ ያለው ቁጥር በሙሉ ይንቀሳቀሳል። ከዚያ ወዲህ «በዚህ ዓመት ዕዳው እዚህ ይደርሳል» የሚል ዜና ሳይ መጀመሪያ የምፈልገው ዕድገቱን ስንት ብለው እንደያዙት ነው።

ቀጥሎ ዶላርን አስገባበት። የ10,000 ዶላር ዕዳ ዶላሩ 57 ብር ሳለ 570,000 ብር ነበር። 114 ሲገባ አንድ ሳንቲም ሳትበደሩ 1,140,000። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የምንዛሪው ተመን ለገበያ ሲለቀቅ የሆነው ይሄ ነው።

አጠገቤ የተቀመጡ ጡረተኛ እጃቸውን አነሱ። «ታዲያ ብሩን አትመን ብንከፍልስ?»

«ጋሼ፣ የውጪዎቹ የሚጠይቁን ዶላር ነው፣ እሱን አናትምም። የአገር ውስጡን ካሉኝ ደግሞ፣ ታትሞ የተከፈለውን እርስዎ በሽንኩርት ዋጋ ይከፍሉታል።»

ጋሼ ሳቁ። «ሽንኩርቱንስ እየከፈልኩ ነው።»

ዩሮ ቦንዱም የተነሳው በዚሁ ነው። መንግሥት በፈረንጆቹ 2014 ለውጭ ባለሀብቶች የሸጠው የ1 ቢሊዮን ዶላር የብድር ሰነድ ነው፣ ወለዱ በዓመት 6.625 በመቶ። በዓመት ሁለት ጊዜ 33 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ይከፈልበት ነበር። በታኅሣሥ 2016 ያልተከፈለው የወለድ ክፍያ ያ ነው። እኔ ቢሊዮኑን በሙሉ የካድን ነበር የሚመስለኝ።

መብራቱ ሳይመጣ ተለቀቅን። ከጋሼ ጋር አሞራ ገደል ወርደን ዓሣ በላን፣ እሳቸው ከፈሉ።

ሦስተኛው ቀን ተጣደፈ። ከባዱ ክፍል የቀረው 40 ደቂቃ ነበር። ዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅትና የዓለም ባንክ ዕዳ የመሸከም አቅሙ ደካማ ነው ለሚሉት አገር ያሰመሩት መስመር አለ። የውጭ ዕዳው የዛሬ ዋጋ (ወደፊት የሚከፈለው ሁሉ ዛሬ ቢሰላ የሚያወጣው) ከወጪ ንግዱ 140 በመቶ፣ የየዓመቱ ክፍያ ደግሞ 10 በመቶ ካለፈ ያሠጋል ይላሉ። ለምን በወጪ ንግድ? ዶላሩ ከቡናው ነዋ የሚመጣው። እዚህ ላይ ሙሉ ቀን ይገባን ነበር። ስለ ዕዳ ሽግሽጉም «ሽግሽግ ስረዛ አይደለም፣ ጊዜ ነው» ብሎ አለፈው። መንግሥት ለአጭር ጊዜ የሚበደርባቸውን የግምጃ ቤት ሰነዶች፣ የ28፣ የ91፣ የ182 እና የ364 ቀኖቹን፣ ስማቸውን ብቻ ነው የሰማነው።

ብትመዘገቡ ይጠቅማችኋል፣ በተለይ ሒሳብ የምትሠሩ። ክፍያውን ለሁለት ከፍለው ይቀበላሉ። ላፕቶፓችሁን ቤት ቻርጅ አድርጋችሁ ሂዱ፣ ያን ሠንጠረዥ ሲሰጧችሁ ደግሞ ከየዓመቱ ጎን «ዓ.ም.» ወይም «ፈረንጅ» ብላችሁ በእስክሪብቶ ጻፉበት። ሲሚንቶውን የጠየቅኩት በመጨረሻው ቀን ነው። መምህሩ «እሱን አከፋፋዩን ጠይቂ» አለኝ።