የእህቴን ታኬታ ለሰፉልን የደብረ ማርቆሱ ጫማ ሰፊ አባት፣ እግዜር ይስጥልን

ደብረ ማርቆስና አካባቢዋ ያላችሁ፣ ልጃችሁ ወይም እህታችሁ ኳስ የምትጫወት ሁሉ፣ እባካችሁ ይህችን አንብቡልኝ። አንድ ሰው ላመሰግን ነው። የክለብ ሰው አይደሉም፤ ሐኪምም አይደሉም። ጫማ ሰፊ ናቸው። መንገድ ዳር ተቀምጠው በወስፌና በክር የሚሠሩ አባት። እህቴ ዛሬ ሜዳ ላይ ያለችው በእግዚአብሔር ፈቃድና በእሳቸው እጅ ነው። አጋንኜ አይደለም።

ስማቸውን እንዳልጽፍ አደራ ብለውኛል። «ሥራዬን ንገሪ፤ ስሜ ምን ያደርግልሻል» አሉኝ። ቃላቸውን አከብራለሁ። የት እንደሚገኙ ግን ከታች እነግራችኋለሁ፤ እሱን አልከለከሉኝም።

እህቴ በኢትዮጵያ የሴቶች ፕሪሚየር ሊግ የምትጫወት አማካይ ናት። ኳስ የጀመረችው እዚሁ ሰፈራችን ሜዳ ላይ፣ ከወንዶች ጋር፣ በኮንጎ ጫማ ነው። እናታችን ውሃ ቅጂ ብላ ስትልካት ጀሪካኖቹን ጎል አድርጋ ትጫወት ነበር። ውሃው ሲመሽ ነው ቤት የሚደርሰው። ከትምህርት ቤት ወደ ወረዳ፣ ከወረዳ ወደ ዞን እያለች ሄደች። ከዚያ ክለብ ወሰዳት። የመጀመሪያ ደመወዟን የተቀበለች ጊዜ ለእናታችን ነጠላ ገዝታ መጣች። እናቴ ያንን ነጠላ እስከ ዛሬ ለክብረ በዓል ካልሆነ አትለብሰውም።

አማካይ ምን እንደምትሠራ ለማያውቅ ሰው ትንሽ ልናገር። ጎል ያገባችውን ሁሉም ያውቃታል። አጥቂዋን ሎዛ አበራን የማያውቅ የለም፤ ከዱራሜ ተነስታ ማልታ ድረስ፣ ኋላም አሜሪካ ድረስ ሄዳ ተጫውታለች፤ ይገባታል። አማካይዋ ግን ከተከላካይ ኳስ ተቀብላ፣ ዞር ብላ፣ ለአጥቂዋ የምታቀብለው ናት። ኳሱ ሲነጠቅ ደግሞ ቀድማ የምትመለሰው እሷ ናት። በአንድ ጨዋታ 10 ኪሎ ሜትርና ከዚያ በላይ የሚሮጡ አማካዮች አሉ። ያን ሁሉ ሮጣ ስሟ ሳይነሳ የምትወጣበት ቀን ብዙ ነው። እኔ ይህ ያንገበግበኛል። እህቴ ግን «እኔ ደስ የሚለኝ ማቀበሉ ነው» ትላለች።

እንግዲህ ይህን ሁሉ ሩጫ በምን ጫማ እንደምትሮጥ አስቡት።

ክለብ እንደገባች ታኬታ በጅምላ መጣ። ቁጥሩ 40 እና 41 ነው። እህቴ 37 ናት። «ሁለት ካልሲ ደርቢበት» ተባለች። ደረበች። ጥፍሯ ጠቆረ። ከደመወዟ ቆጥባ ራሷ ልትገዛ አንድ ትልቅ ሱቅ ገባች። ትንሽ ቁጥር ስትጠይቅ የልጆች አወጡላት። ለልጅ መጫወቻ የተሠራ ጫማ ለባለሙያ! እሱም ብዙ ሳይቆይ አለቀ። ሳልባጅ ሞከረች። የሌላ ሰው እግር ያጣመመው ጫማ ደግሞ የራሷን እግር አጣመመው።

ሕመሙ ከጣት ወደ ቁርጭምጭሚት፣ ከዚያም ወደ ጉልበት ወጣ። አንድ ክሊኒክ ሄደች። ጫማዋን እንኳ ሳያስወልቋት ማስታገሻ ጽፈው ላኳት። ሌላ ቦታ ደግሞ «ሴት ልጅ ነሽ፣ ነገ ትወልጃለሽ፣ ኳሱን ተይው» አሏት። እንጀራዋ እኮ ነው! ሾፌር እጁን ቢያመው መኪናውን ተወው ይባላል እንዴ? ይህንን ሳስብ ዛሬም ደሜ ይፈላል።

በዚያው ሰሞን ታኬታዋ ተላቀቀና በሚጫወቱበት ከተማ አንድ ጫማ ሰፊ ጋ ሰጠችው። ማስቲሽ ቀባ ቀባ አድርጎ፣ ጥሩ ገንዘብ ተቀብሎ መለሰላት። በማግስቱ ጨዋታ መሀል ሶሉ አፉን ከፈተ። ኳስ ይዛ ስትዞር ወደቀች፤ ተጋጣሚዎቹ በዚያው ኳስ ጎል አገቡ። ከዚያ ወዲህ አሰልጣኟ አላመናትም። «ከኳስ ትሸሻለሽ» አላት። ወንበር ላይ አስቀመጣት። ዓመቱ ሲያልቅ ውሏ እንደማይታደስ የነገሯት በስልክ ነው። የቀረ ደመወዟም በልመና ነው የተከፈላት።

አባይ በረሃን አቋርጣ ማርቆስ ስትገባ የማውቃት እህቴ አልነበረችም። ሻንጣዋን አስቀምጣ ተኛች። ስልኳ ላይ የአሌክሲያ ፑቴያስ ፎቶ አለ። የስፔኗ አማካይ፣ እ.ኤ.አ. በ2021 እና በ2022 የዓለም ምርጥ ተጫዋች የሚሸለምበትን ባሎን ዶር ያሸነፈችው። በ2022 የአውሮፓ ዋንጫ ሊጀመር ጥቂት ሲቀረው የጉልበቷ ጅማት ተበጥሶ ከውድድሩ ውጭ ሆነች። በዓመቱ፣ በ2023፣ ከቡድኗ ጋር የዓለም ዋንጫ አነሳች። እኔም ላበረታት ብዬ «እሷስ ተመልሳ የለ?» አልኳት። «እታለም፣ እሷ እኮ የሚያስታምማት ክለብ አላት» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም።

እኔ መምህር ነኝ። ጫማዬን ሁልጊዜ የማሰፋው እኒህ አባት ጋ ነው። አንድ ቀን ስሄድ ታኬታዎቿን በፌስታል ይዛ ተከተለችኝ። ተስፋ አድርጋ አልነበረም፤ እኔ ነኝ የጎተጎትኳት።

ታኬታውን ተቀበሉና ገለበጡት። ለረጅም ጊዜ ዝም አሉ። ከሥር ባሉት ጥርሶች ላይ አውራ ጣታቸውን እያስኬዱ አንዱን እግር አዩ፣ ሌላውን አዩ። ከዚያ ቀና ብለው አዩዋትና፣

«መሀል ነሽ?» አሏት።

«አቤት?»

«መሀል ሜዳ ነው የምትጫወቺው?»

እህቴ ደነገጠች። «አዎ ጋሼ፣ በምን አወቁ?»

የግራውን አሳዩዋት። በውጭ በኩል ያሉት ጥርሶች አልቀው ጠፍተዋል። የቀኙ ግን ደህና ነው። «በዚህ እግርሽ ቆመሽ ነው የምትዞሪው። ደጋግመሽ፣ በአንድ ቦታ። ቀጥ ብላ የምትሮጥ ልጅ ጫማ እንዲህ አይበላም» አሉ።

እኔ በሕይወቴ እንዲህ ያለ ነገር አይቼ አላውቅም። ስታዲየም ገብተው አያውቁም። አንድ ጨዋታዋን አላዩም። ግን ከጫማው ሥር ሥራዋን አነበቡት። በየሳምንቱ ሲያያት የኖረው አሰልጣኝ ከኳስ ትሸሻለሽ ያላትን ልጅ፣ እሳቸው ኳሱ ላይ ደጋግማ እንደምትዞር ከተበላ ሶል አወቁ።

ከዚያ «ካልሲሽን አውልቂ» አሏት። አፍራ እኔን አየችኝ። አወለቀች። ጥፍሮቿን፣ የተላጠውን ተረከዟን ሲያዩ ፊታቸው ተለወጠ። «ይህን ይዘሽ ነው የሮጥሽው? አይ ልጄ!» አሉ። እህቴ እዚያው መንገድ ዳር፣ በርጩማው ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። እኔም አብሬያት አለቀስኩ። እስኪወጣላት ዝም ብለው ጠበቋት። ክሊኒኩ፣ ክለቡ፣ ሱቁ፣ ያ ሁሉ ሰው ስለ እግሯ ሲያወራ እግሯን ልይ ያለ አንድም አልነበረም። እሳቸው ግን «ካልሲሽን አውልቂ» አሉ። እኔ ከሁሉ በላይ የማመሰግናቸው ለዚህች ቃል ነው።

ካርቶን አምጥተው አቆሟትና በእስክሪብቶ እግሯን ዙሪያውን አሰመሩ። ግራውን ለብቻ፣ ቀኙን ለብቻ። «ተረከዙ ላይ ይሰፋሻል፣ ጣትሽ ላይ ይጠብሻል። ይህን ጫማ የሠራው ሰው የለካው የወንድ እግር ነው» አሉ።

እህቴ በኋላ ስልኳ ላይ ፈልጋ አሳየችኝ። ለካ ዓለምም ያወቀው በቅርቡ ነው። የአውሮፓ ክለቦች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2023 ባወጣው ጥናት በታላላቅ ክለቦች ከሚጫወቱ ሴቶች ከመቶ 82ቱ ታኬታቸው እንደሚያማቸው ወይም እንደማይመቻቸው ተናግረዋል። አውሮፓ ላይ! ብዙው ታኬታ የሚሠራው በወንድ እግር ቅርጽ ነው፤ የሴት ተረከዝ ደግሞ ጠበብ ይላል። ትልልቆቹ ኩባንያዎች ለሴት እግር ብለው መሥራት የጀመሩት ገና አሁን ነው። ናይኪ ፋንተም ሉና የሚባለውን ያወጣው በዚያው በ2023 ነው። ይህንን ለእሳቸው ስንነግራቸው «እሰይ! እንኳን ደረሱበት» አሉ። ከልባቸው ነው የተደሰቱት።

ታኬታውን ምን እንዳደረጉት አትጠይቁኝ። ከውስጥ ቆዳ ጨመሩ፣ ከፊት በእንጨት ወጥረው አሳደሩት፣ ሶሉን ዙሪያውን ሰፉት። ከዚህ በላይ አልገባኝም። ስፌቱን ግን አየሁት፤ ቀጥ ያለ፣ የጠበቀ፣ ለዓይን የሚያምር። ጉልበቷን በተመለከተ ደግሞ ምንም ነገር አልዋሿትም። «ጉልበትሽን ሐኪም ይየው። እኔ የማውቀው ጫማ ነው» አሏት። የማያውቁትን አላውቅም የሚል ባለሙያ ስንቱ ጋ ታገኛላችሁ? ሄደች፤ በዚህኛው ጊዜ ደግ ሐኪም ገጠማት፤ እረፍትና እንቅስቃሴ አዘዘላት።

ሒሳብ ስንል «አሁን ሥራ የላትም። ክለብ ስትገባ ትሰጠኛለች» አሉ። ብንለምናቸው፣ ብንገዘት እንቢ አሉ።

ማታ ማታ ሜዳ ላይ ብቻዋን መለማመድ ጀመረች። መጀመሪያ ቀስ ብላ፣ ኋላ እየጨመረች። ሌላ ክለብ ለሙከራ ጠራት፤ ወደዷት፤ ፈረመች። ሀዋሳ ላይ የመጀመሪያ ጨዋታዋን ተጫውታ ስትደውልልኝ ድምፅዋ ሌላ ነበር። «እታለም፣ ዘጠና ደቂቃ ሙሉ! እግሬን ረሳሁት። ኳሱን ብቻ ነው ያሰብኩት» አለችኝ። ስልኩን ለእናቴ ሰጠኋት። እናቴ እልል አለች።

የመጀመሪያ ደመወዟ እንደገባ የጫማ ሰፊውን ሒሳብ በእኔ በኩል ላከች። ጨምራበት ነበር። ትርፉን ቆጥረው መለሱልኝ። ለእህቴ ያሉት ዋጋ ማስቲሽ ቀቢው ከወሰደባት ያነሰ ነው። እባካችሁ እናንተ ስትሄዱ በደንብ ክፈሏቸው፤ እንቢ ቢሉም ለልጅ ልጆቻቸው ብላችሁ ስጡ።

ያ ካርቶን ዛሬም እሳቸው ጋ አለ። እህቴ አዲስ ታኬታ ስትገዛ በመኪና ወደ ማርቆስ ለሚመጣ ሰው ትሰጣለች፤ እሳቸው በካርቶኑ ለክተው አስተካክለው ይልካሉ። መንገድ በተዘጋ ጊዜ ጫማው ይዘገያል እንጂ ሥራቸው ዘግይቶ አያውቅም። አሁን የቡድን ጓደኞቿም እግራቸውን ወረቀት ላይ እያሰመሩ መላክ ጀምረዋል።

ሉሲዎቹ፣ የሴቶች ብሔራዊ ቡድናችን፣ እ.ኤ.አ. በ2004 በአፍሪካ ዋንጫ አራተኛ የወጡ ናቸው። የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ሴቶች በ2024 የሴካፋን፣ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን፣ ማጣሪያ አሸንፈው ለአፍሪካ ሻምፒዮንስ ሊግ ሞሮኮ ሄደዋል። እኛ ሰፈር ሜዳ ላይ አሁንም በኮንጎ ጫማ የሚዞሩ ልጆች አሉ። አንዳንዷን ሳያት እህቴን ያየሁ ይመስለኛል። እነዚህ ልጆች በጫማ ምክንያት እንዳይቀሩ እለምናችኋለሁ። እናቶች፣ አባቶች፣ ልጃችሁ እግሬን አመመኝ ስትል ሰነፍ አትበሏት። ካልሲዋን አስወልቁና እዩላት። የስፖርት መምህራንም አደራ፤ ታኬታ ስታከፋፍሉ መጀመሪያ እግራቸውን ለኩ።

እሳቸውን ለማግኘት ከመናኸሪያው ወጥታችሁ ወደ ገበያው ስትወርዱ በስተግራ፣ ሰማያዊ ሸራ የተወጠረበት ነው። «የታኬታው አባባ» በሉ፤ የሰፈሩ ልጅ ሁሉ ያሳያችኋል። ጠዋት ብትሄዱ ይሻላል፤ ከሰዓት ሰው ይበዛባቸዋል። አዲሱን ጫማ ብቻ ሳይሆን ያረጀውንም ይዛችሁ ሂዱ፤ እሱን ነው መጀመሪያ የሚያዩት። ልጅቷም አብራ ትሂድ። እሁድ አይሠሩም፤ ቤተ ክርስቲያን ናቸው።

ጋሼ፣ ይህን ልጆችዎ ካነበቡልዎት፣ እህቴ ለፋሲካ ትመጣለች። ቡና እኛ ቤት ነው፤ እንዳይቀሩብን።