«ምትኩ» የማይገኝበት የስም መዝገብ፦ የአንድ የሕፃናት ስም መተግበሪያ ግምገማ

በምኖርበት በአሜሪካ፣ ሕፃን በተወለደ በጥቂት ቀናት ውስጥ፣ ብዙ ጊዜም እናትና ልጅ ከሆስፒታል ሳይወጡ፣ ለልደት የምስክር ወረቀት የሚሞላ ቅጽ ይቀርባል፤ ቅጹም የልጁን ስም ይጠይቃል። በአገራችን ልማድ ስም እንዲህ በጥድፊያ አይወጣም። አያት የራሷን፣ አጎት የራሱን፣ ጎረቤትም ደስ ያለውን እየጠራ ይሰነብታል፤ በኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተሰብ የክርስትናው ስም ወንዱ በ40፣ ሴቷ በ80 ቀን ሲጠመቁ ይሰጣል፤ በሙስሊም ቤተሰብም ስሙ ብዙ ጊዜ የሚወጣው በ7ኛው ቀን ዐቂቃ ላይ ነው። እኔና ባለቤቴ ሁለተኛ ልጃችንን ስንጠብቅ ቅጹ ሳንዘጋጅ እንዳይደርስብን ብለን አንድ የሕፃናት ስም መተግበሪያ ስልካችን ላይ ጫንን፤ የአንድ ወር ክፍያም ከፍለን በየምሽቱ ስንመለከተው ሰነበትን። መተግበሪያው የዓለምን ሕዝቦች ስሞች ከነምንጫቸውና ከነትርጉማቸው እንደሚያቀርብ ይናገራል፤ እኔም የምመዝነው በዚህ በራሱ ቃል ነው።

ከዕብራይስጥ፣ ከግሪክና ከላቲን ለመጡ ስሞች የተሠራው ሥራ ሊመሰገን ይገባዋል። «ዮሐንስ» የሚለውን ስም ስፈልግ መነሻው የዕብራይስጡ «ዮሐናን» መሆኑን፣ ትርጉሙም «እግዚአብሔር ጸጋን ሰጠ» ማለት እንደሆነ ገልጾ፣ ስሙ በየአገሩ የያዘውን መልክ እንደ ዘር ሐረግ ዘርግቶ አሳየኝ፦ በእንግሊዝኛ ጆን፣ በፈረንሳይኛ ዣን፣ በስፓንኛ ሁዋን፣ በጣሊያንኛ ጆቫኒ፣ በሩስያኛ ኢቫን፣ በስኮትላንድ ኢያን፣ በቁርኣን ደግሞ ያሕያ። እያንዳንዱን ሲጫኑት በቋንቋው አፉን በፈታ ሰው ድምፅ ይሰማል። የኤልሳቤጥና የኢዛቤል አንድነት፣ የሚካኤል ትርጉም «ማን እንደ እግዚአብሔር» የሚል ጥያቄ መሆኑ፣ ይህም ሁሉ በጥንቃቄ ተጽፏል። «ማንያህልሻል» የምትባል ሴት ባለችበት አገር ላደገ ሰው ስም ጥያቄ ሊሆን እንደሚችል እንግዳ ነገር አይደለም፤ ሆኖም ሁለቱ ጥያቄዎች በአእምሮዬ ጎን ለጎን ሲቆሙ ልዩ ደስታ እንደተሰማኝ አልደብቅም።

የጋናው የአካን ሕዝብ ስሞች ገጽም ጥሩ ነው። በአካን ልማድ ልጅ ከሚሰጡት ስሞች አንዱ የተወለደበትን ቀን የሚናገር ነው፤ ዓርብ የተወለደ ወንድ ኮፊ፣ ቅዳሜ የተወለደ ክዋሜ፣ እሑድ የተወለደ ክዋሲ ይባላል። ስለዚህ ኮፊ አናን ዓርብ፣ ክዋሜ ንክሩማ ቅዳሜ መወለዳቸውን ስማቸው ብቻውን ይነግረናል። መተግበሪያው የልደቱን ቀን ሲያስገቡለት የወንዱንና የሴቷን የአካን ስም ወዲያው ያወጣል። ስለ አይስላንድ የሰጠው ማብራሪያም አጭር ቢሆንም ትክክል ነው፤ በዚያ አገር እንደ እኛው ልጅ በአባቱ ስም እንጂ በቤተሰብ ስም አይጠራም፣ የስልክ ማውጫውም ተራውን የሚይዘው በራስ ስም ነው። «የአባትህ ስም የቤተሰብህ ስም ነው» እየተባለ ባለቤቱና ልጆቹ በሦስት ልዩ ልዩ ስሞች የተመዘገቡበት ኢትዮጵያዊ ስደተኛ ይህን ሲያነብ ብቸኛ አለመሆኑን ይረዳል።

ችግሩ የሚጀምረው ስሙ ከአንድ ቃል ትርጉም አልፎ ታሪክ ሲይዝ ነው። በናይጄሪያው የዮሩባ ሕዝብ ዘንድ ከመንታዎች ቀድሞ የሚወለደው ታይዎ፣ ተከትሎ የሚወለደው ኬህንዴ ይባላል። ታይዎ ማለት «ዓለምን ቀድሞ የቀመሰ» ማለት ሲሆን፣ በዮሩባ እምነት ታላቁ ኬህንዴ ነው፤ ታናሹን «ሂድና ዓለም እንዴት እንደሆነች ቅመስልኝ» ብሎ አስቀድሞ ይልከዋልና። መተግበሪያው ለሁለቱም የሰጠው ትርጉም «መንታ» የሚል አንድ ቃል ብቻ ነው። ከዓለማየሁ ጋር ዘመድ የሚመስለውን ይህን የመሰለ ስም ወደ አንድ ቃል ማውረድ ጥፋት ነው እላለሁ።

ወደ ኢትዮጵያ ስሞች ስደርስ ቅሬታዬ በረታ። በመጀመሪያ የመጣው «አበበ» ነበር፤ ምንጩ «አፍሪካዊ»፣ ትርጉሙ «አበባ» ተብሎ ተጽፏል። «አፍሪካዊ» የሚባል ቋንቋ የለም፤ ኮፊንና ክዋሜን «አካን» ብሎ የመዘገበ አዘጋጅ አበበን «አማርኛ» ለማለት ምን እንደከለከለው አልገባኝም። አበበ ደግሞ አበባ ማለት አይደለም፤ «አበበ» ግስ ነው፣ የሆነ ነገር መፈጸሙን ያበሥራል። በመተግበሪያው «ደራርቱ» የሚለውም ስም አለ፤ ኦሮምኛ መሆኑ ግን አልተጠቀሰም፣ ትርጉሙም አልተሰጠም። በኦሮምኛ «ደራሩ» ማለት ማበብ ነው። እንግዲህ እ.ኤ.አ. በ1960 በሮም ማራቶን ያሸነፈው አበበ ቢቂላና እ.ኤ.አ. በ1992 በባርሴሎና በ10,000 ሜትር ወርቅ ያገኘችው ደራርቱ ቱሉ በሁለት ቋንቋ አንድ ስም ይዘው ሮጠዋል ማለት ነው። ይህን የመሰለውን ዝምድና ማሳየት የዮሐንስን ሐረግ ከመሳል በምንም አያንስም ነበር።

የአማርኛ ስም ተናጋሪ አለው። ዓለማየሁ ሲባል «አየሁ» ያለው ልጁ ሳይሆን ወላጁ ነው፤ ብዙነሽ ሲባል ወላጅ ለልጁ እየነገራት ነው፤ ጥላሁን ሲባል ልጁ ታዝዟል፤ ጌታቸው ሲባል ደግሞ ስለ ሌሎች፣ ምናልባትም ስለ ጠላት ወይም ስለ ጎረቤት እየተወራ ነው። በመተግበሪያው ለእያንዳንዱ ስም የተመደበው ቦታ የአንድ ቃል ትርጉም ብቻ ስለሚይዝ ጥላሁን «ጥላ»፣ ብዙነሽ «ብዙ»፣ ዓለማየሁ «ዓለም» ሆነው ቀርተዋል። ተናጋሪውም፣ የሚነገረውም፣ የተባለበትም ጊዜ ጠፍቷል።

ከሁሉ የከበደኝ ግን ፈጽሞ ያልተገኙት ናቸው። ምትኩን፣ ማስረሻንና ካሳሁንን ፈለግሁ፤ ሦስቱም የሉም። እነዚህ ስሞች ብዙ ጊዜ ከሐዘን በኋላ የተወለዱ ልጆች ስሞች ናቸው፦ የሞተው ወንድም ወይም አባት ምትክ፣ ሐዘንን የሚያስረሳ፣ ለጠፋው ካሳ የሚሆን። በቤተሰባችንም እንዲህ የወጣ ስም አለ። ነገሩን ለእናቴ በስልክ አንስቼላት፣ «እማዬ፣ ያኔ ስሙን ማን አወጣው?» ብላት ለረጅም ጊዜ ዝም ካለች በኋላ ከዚያ በፊት ነግራኝ የማታውቀውን የአንድ ክረምት ታሪክ ነገረችኝ። ያ ሰዓት በመተግበሪያው ካሳለፍነው ወር ሁሉ ይበልጥብኛል።

የግእዙ ጥምር ስምም ተጎድቷል። «ኃይለ» ለብቻው ተቆርጦ «ብርቱ» የሚል ትርጉም ተሰጥቶታል። ንጉሥ ተፈሪ እ.ኤ.አ. በ1930 ንጉሠ ነገሥት ሲሆኑ የያዙት የክርስትና ስማቸው ኃይለ ሥላሴ «የሥላሴ ኃይል» ማለት ነው፤ ግማሹን ቆርጠው ሲያነቡት «የ… ኃይል» የሚል ያልተቋጨ ነገር ይቀራል። ገብረ፣ ወልደ፣ ተክለ፣ ወለተ ሁሉ እንዲሁ ናቸው፤ የማን አገልጋይ፣ የማን ልጅ፣ የማን ተክል እንደሆነ የሚናገረው ሁለተኛው ቃል ነው። መተግበሪያው የዓረብኛውን ዐብደላህ «የአላህ ባሪያ»፣ የዕብራይስጡን አብድዩ «የእግዚአብሔር አገልጋይ» ብሎ በትክክል ተርጉሟል፤ የሁለቱ ወንድም የሆነው ገብረ እግዚአብሔር ግን የለም። ሦስቱ በአንድ ገጽ ቢቀመጡ ሦስት ሃይማኖቶች ለልጆቻቸው የተመኙት አንድ ነገር መሆኑ በግልጽ ይታይ ነበር።

የፊደሉም ነገር አለ። መተግበሪያው ፍለጋን የሚቀበለው በላቲን ፊደል ብቻ ስለሆነ ጠ ከተ፣ ጸ ከሰ ጋር ይቀላቀላሉ፤ በአበበና በአበባ መካከል ያለው ልዩነት አንድ የላቲን ፊደል ብቻ ስለሆነ የወንዱና የሴቷ ስም በአንድ ገጽ ተዋህደዋል። ደስታ ለወንድም ለሴትም የሚወጣ ስም ሲሆን በወንዶች መዝገብ ብቻ ገብቷል።

አንድ አገልግሎት ግን ስሕተት ብቻ ነው ብዬ ላልፈው አልችልም። «ተመጣጣኝ ስም» በሚለው ክፍል ጥሩነሽን ስጽፍ በድምፅ የሚቀርቧት የእንግሊዝኛ ስሞች ቀረቡልኝ፤ ልጅቷ በትምህርት ቤት እንዳትቸገር የሚል ማብራሪያም ተያይዟል። እ.ኤ.አ. በ1984 እና በ1991 በዘመቻ ሙሴና በዘመቻ ሰሎሞን ወደ እስራኤል የገቡ ብዙ ቤተ እስራኤላውያን ከአውሮፕላን ወርደው ሳይደላደሉ የዕብራይስጥ ስም እንደተሰጣቸው፣ ከልጆቹም አንዳንዶቹ አድገው የቀድሞ ስማቸውን መልሰው እንደያዙ ለምናውቅ ሰዎች ይህ ቀላል ነገር አይደለም። አስተማሪ ጥሩነሽ ብሎ መጥራትን በአንድ ቀን ሊማር ይችላል። አዘጋጆቹ ይህን ክፍል እንዲያነሡት በመተግበሪያው በኩል ጽፌላቸዋለሁ፤ የአማርኛና የኦሮምኛ ስሞችን የሚያርም ሰው ከፈለጉም በነጻ እንደምረዳቸው ገልጫለሁ። እስካሁን ምላሽ አላገኘሁም።

ስለዚህ ከ5 ኮከብ 2 እሰጠዋለሁ፤ ሁለቱም ለዕብራይስጥና ለግሪክ ስሞች፣ ለአካኑ ገጽና ለድምፅ ቅጂዎቹ ናቸው። የመጽሐፍ ቅዱስ ስም ለሚፈልጉ ወላጆች በነጻ የሚገኘው ክፍል ይበቃቸዋል፣ የዮሐንስን ሐረግ ጨምሮ የወደድኩት አብዛኛው በዚያው ውስጥ አለ። የኢትዮጵያ ስም ለምትፈልጉ ግን ክፍያውን አልመክርም፤ የከፈላችሁም ብትሆኑ ወሩ ሲያልቅ ክፍያው በራሱ ስለሚታደስ ከ2 ቀን በፊት ማቋረጡን አትርሱ። እኛ ያቋረጥነው በ28ኛው ቀን ነው፤ የልጃችንን ስም ለማውጣት እናቴ በየቀኑ እየደወለች ነው፣ ቅጹም እስኪደርስ ገና 6 ሳምንት አለን።